ሥራ የሚመዘነው በቦታው ነው

ከጥቂት ዓመታት በፊት ከደብረ ታቦር ከተማ ወጣ ብሎ በሚገኝ አንድ ቤተ ክርስቲያን የመቅደሱ ሥዕል እንዲታደስ ምእመናኑ በተስማሙ ጊዜ፥ የሚሻለውን ሠዓሊ እንድንመርጥ ከሽማግሎች ጋር ተቈጥረን ነበር። ፊደል የቈጠርንና የመንግሥት ሥራ የያዝን በመሆናችን ቃላችን ከልኩ በላይ ተሰሚ ሆነ።

ሁለት ሠዓሊዎች ቅዱስ ጊዮርጊስን በአቡጀዲ ላይ ሥለው አቀረቡ። ሁለቱም ሥራ በቅጽሩ ውስጥ በሣር ላይ ተዘረጋ። የወጣቱ ሠዓሊ ሥራ ዐይን የሚማርክ፥ የፈረሱ ጋማ አንድ በአንድ የሚቈጠር ነበር። የሽማግሌው ግን ዐይኑ እንደ ፍንጃል የሰፋ፥ መስመሩ እንደ ጠፍር የወፈረ ሆኖ ታየን። እኛም፥ «ይህስ ሥዕል ሳይሆን ማስፈራሪያ ነው» ብለን ተናገርን። የተሰበሰበው ሰው ሣቀ። ሽማግሌው አንዳች ሳይመልሱ አቡጀዲያቸውን ጠቅልለው ሄዱ።

ሥራው ተፈጽሞ ሥዕሉ በግድግዳው ላይኛ ረድፍ ከተለጠፈ በኋላ በቅድስቱ ቆመን ቀና ብንል፥ ከበሩ በሚገባው ጥቂት ብርሃን ጋማው ቀርቶ የሰማዕቱን ፊት እንኳ መለየት ተሳነን። ከጎኑ ሳይነካ የቀረው የጥንት ሥዕል ግን በትልልቅ ዐይኖቹ ቍልቍል ይመለከተን ነበር። ሽማግሌው የሣሉት ለግድግዳው እንጂ ለሣሩ እንዳልነበረ ያን ጊዜ ገባን።

በኋላ ስለ ጥንት ግሪኮች ስናነብ የራሳችንን ጥፋት ያገኘን መሰለን። አቴናውያን በረዥም ዓምድ ላይ የሚቆም የአቴና ምስል ፊድያስንና አልካሜኔስን በውድድር አሠሩ ይባላል። የአልካሜኔስ ምስል በምድር ሳለ ያማረ ነበር፤ የፊድያስ ግን አፉ የተከፈተ፥ አፍንጫው የሰፋ ስለ ነበረ ሕዝቡ ሊወግረው ተነሣ። ምስሎቹ ወደ ላይ በወጡ ጊዜ ግን የተመሰገነው ፊድያስ፥ የተሣቀበትም አልካሜኔስ ሆነ። ይህን የጻፈው በ12ኛው መቶ ዓመት የነበረው የቁስጥንጥንያው ሊቅ ዮሐንስ ጼጼስ ነውና፥ ከዘመኑ ርቀት የተነሣ እንደ ምሳሌ ቢወሰድ ይሻላል። ሆኖም ፊድያስ ለከፍታ መሥራትን ያውቅ ነበር፤ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ438 ዓመት በፓርቴኖን ያቆማት የወርቅና የዝሆን ጥርስ አቴና ቁመቷ 12 ሜትር ያህል ነበርና።

ሮማዊው ፕሊኒዮስ ደግሞ፥ በኤፌሶን ለአርጤምስ ቤተ መቅደስ የቀረቡትን የአማዞን ጦረኛ ሴቶች ምስሎች እንዲመዝኑ ፍርዱ ለራሳቸው ለቀራጮቹ እንደ ተሰጠ ይነግረናል። እያንዳንዱ ከራሱ ሥራ ቀጥሎ የመረጠው የፖሊክሊቶስ ሆኖ ስለ ተገኘ ድሉ የእርሱ ሆነ።

እኛ ግን አቡጀዲውን በሁለት እንጨት ከፍ አድርገን አላየንም፤ ሁለቱንም ሠዓሊዎች ስለ ባልንጀራቸው ሥራ አልጠየቅንም። በየመሥሪያ ቤቱና በየትምህርት ቤቱ የሌላውን ሥራ እንድንመዝን የተቀመጥን ሁሉ ይህን ብናስብ መልካም ነው።

በዓመቱ ይቅርታ ለመጠየቅ ወደ ሽማግሌው ቤት ሄድን። ከዚያ ቀን ወዲህ በአካባቢው ሥራ የሰጣቸው እንዳልነበረ ሰማን። እሳቸውም፥ «ይቅር ለእግዚአብሔር፥ ልጄ። ነገር ግን ያን ቃል የተናገርኸው በሰው ፊት ነበር» አሉን።

ስለዚህ ይህንንም በሰው ፊት ጻፍነው።