የእሳት ራትና የአያቴ እጅ

ሞትን በአጭር ፊልም ማሳየት ይቻላል ቢሉኝ ኖሮ እስከ ዘንድሮ ድረስ ባላመንሁ ነበር።

የፊልም ክበባችን መምህር አንድ ቀን የአሜሪካዊውን የስታን ብራኬጅን «የእሳት ራት ብርሃን» የተባለውን ፊልም በኮምፒዩተር አሳዩን። ብራኬጅ ይህን በ1963 እ.ኤ.አ. የሠራው ያለ ካሜራ ነው። የሞቱ የእሳት ራቶችን ክንፍ፣ ሣርና የአበባ ቅጠል ለቅሞ ብርሃን በሚያሳልፍ ተለጣፊ ፕላስቲክ መካከል አጣበቀው። ድምፅ የለውም፤ ርዝመቱም አራት ደቂቃ ያህል ነው። ፊልም በተለመደው አሠራር በሴኮንድ 24 ሥዕሎችን ስለሚያሳልፍ፣ እያንዳንዱ ክንፍ ዓይን ሳይጠግበው ብልጭ ብሎ ይጠፋል። እኛ ግን የተበላሸ ፊልም መስሎን ሳቅን፤ ከሁሉም አብልጬ የሳቅሁትም እኔ ነበርሁ።

በጥቅምት ወር አያቴ ጨጨሆ አጠገብ ባለው ቤቷ አረፈች። በአገራችን በጋይንት በልቅሶ ጊዜ የሟች ልብስ ይወጣል፤ ሟቹ ጀግና እንደሆነ ጠመንጃውና ፈረሱም ይወጣሉ፤ አልቃሿ እነዚያን እያነሣች ሙሾ ታወርዳለች። በእኔ አስተያየት ይህም ሲኒማ ነው፤ ሰውየው ሳይኖር ሰውየውን ያሳያል። ለአያቴ የወጣው ግን አንድ ቀሚስና አንድ ነጠላ ብቻ ነበር። ፎቶግራፍ አልነበራትም።

ከልቅሶው በኋላ ስልኬን ስፈትሽ፣ ባለፈው ክረምት ለጨዋታ ያነሣሁትን 40 ሴኮንድ የሚሆን ተንቀሳቃሽ ሥዕል አገኘሁ። ፊቷ አይታይም። የሚታየው ኩራዙን የከለለው እጇ ነው። አንዲት የእሳት ራት (ስሟን ያወጣላት ሰው መጨረሻዋን ዐውቆ ኖሯል) ወደ ነበልባሉ ስትመጣ እጇ ይመልሳታል፤ እንደገና ትመጣለች፤ እንደገና ይመልሳታል። «ሂጂ ወዲያ! ምን አስቸኮለሽ?» ትላለች አያቴ።

ይህንኑ ለክበባችን አጭር ፊልም አደረግሁት። ጓደኞቼ እንደ ብራኬጅ ድምፁ ይውጣ ቢሉኝ ተስማምቼ አወጣሁት። በተዝካሩ ማግሥት ለእናቴና ለአክስቴ አሳየኋቸው። አክስቴ «የሙት እጅ ሲንቀሳቀስ አላይም፤ አጥፋው!» ብላ ነጠላዋን በፊቷ ላይ ሳበች። እናቴ ግን ስልኩን ወደ ጆሮዋ አስጠጋች።

«ድምፁ የታለ?» አለችኝ።

የመጀመሪያውን ፈልጌ ከፈትሁላት። ሦስት ጊዜ አዳመጠችው፤ ሥዕሉን አንድ ጊዜም አላየችም።

በትምህርት ቤታችን አዳራሽ የታየው ፊልም ከነድምፁ ነበር። አክስቴ አልመጣችም።