ከግድቡ አጠገብ አሥራ አምስት ደቂቃ

የአዲስ አበባ ሰው ዕረፍት ሲያምረው ቁልቁል ይወርዳል። ቢሾፍቱ፣ ሶደሬ፣ ላንጋኖ፣ ሐዋሳ ሁሉም ከከተማችን ዝቅ ብለው የሚገኙ ናቸው። የደጋ ልጆች በመሆናችን ብርዱን ጠግበነዋል፤ መዝናናት ለእኛ ሙቀትና ውሃ ፍለጋ መውረድ ነው። ተራራው ለአያቶቻችን የሽርሽር ስፍራ አልነበረም። ጠላት ሲመጣ የሚመሸጉበት አምባ፣ መነኩሴው ከዓለም የሚለይበት ገዳም፣ ገበሬው ገብሱን የሚዘራበት ማሳ ነበር። ስለዚህም ተራራን ለደስታ ብቻ መውጣት፣ ያውም አስጎብኚ ከፊት አስቀድሞ መውጣት፣ ለልማዳችን ገና እንግዳ ነገር ነው ማለት ይቻላል።

በካዛኪስታን ትልቁ ከተማ በአልማቲ ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። የከተማዋ እምብርት ከባሕር ወለል በላይ በ800 ሜትር ገደማ ላይ የተዘረጋ ሲሆን፣ በስተደቡብ በኩል የትየን ሻን ሰንሰለት ክፍል የሆነው የኢሌ አላታው ተራራ ከ4,000 ሜትር በላይ የሚያሻቅቡ በረዶ ለበስ ጫፎቹን ደርድሮ እንደ ግንብ ተገትሮባታል። ለእኛ ክረምት፣ ለእነርሱ ግን በጋ በሆነው በሐምሌ ወር፣ የከተማዋ ነዋሪ ሙቀቱን ሸሽቶ ሽቅብ ይወጣል። እኔም ባለፈው ዓመት ለቴያትር ሰዎች ስብሰባ ወደዚያ በተጓዝኩ ጊዜ፣ ከሥራው የተረፈችኝን አንዲት ቀን በማለዳ ተነሥቶ በምሽት ለሚመለስ የጉብኝት አውቶቡስ ሰጠኋት። የጉዞው መድረሻ ሺምቡላክ የተባለው የተራራ መዝናኛ ነበር።

በአውቶቡሱ ውስጥ አሥራ ስምንት መንገደኞች ነበርን። አስጎብኚያችን ሃያ አምስት ዓመት ያልሞላት፣ እንግሊዝኛና ሩስኛን እያፈራረቀች የምትናገር ወጣት ነበረች። ከፊቴ ባለው ወንበር ላይ የልጅ ልጃቸውን ይዘው ከሌላ ከተማ የመጡ አንድ ጡረተኛ ሽማግሌ ተቀምጠዋል። አስጎብኚዋ እርሳቸውን «አታ» እያለች ነበር የምትጠራቸው፤ እኛ «አባባ» እንደምንለው ያለ የአክብሮት ቃል ነው።

ከከተማው ሳንወጣ ፊቱን ወደ ከተማው፣ ጀርባውን ወደ ተራራው አድርጎ የቆመ ትልቅ ሐውልት አሳየችን። የካዛኾች ታላቅ ባለቅኔ የአባይ ቁናንባይ ሐውልት ነው። አባይ እ.ኤ.አ. ከ1845 እስከ 1904 የኖረ፣ ፑሽኪንንና ሌርሞንቶቭን ወደ ሕዝቡ ቋንቋ የመለሰ ሰው ነበር። የትውልድ ስሙ ኢብራሂም ሲሆን «አባይ» አያቱ ያወጡለት የቁልምጫ ስም መሆኑን ነገረችን፤ ትርጉሙም «ጥንቁቅ» ማለት ነው። ለአንድ ኢትዮጵያዊ ገጣሚ ይህን መስማት እንዴት ያለ ነገር እንደሆነ አንባቢ ይገምተው። ያ ቃል በእኛ አፍ ታላቁ ወንዛችን ነው፤ ዐይኑን በአልፍ ለውጠው ቢጽፉት ደግሞ ውሸታም ማለት ይሆናል። ጥንቁቁ፣ ታላቁና ውሸታሙ በአንድ ድምፅ ውስጥ ተቀምጠዋል። ይህን ቅኔ በልቤ ይዤ ጉዞዬን ቀጠልኩ።

ሽቅብ በሄድን ቁጥር የፖም ዛፎች ይታዩ ጀመር። «አልማ» በካዛኽኛ ፖም ነው፤ የከተማዋም ስም ከዚሁ ይዛመዳል። የዓለም ገበያ የሚያውቀው ፖም ሁሉ ዋና ወላጁ በእነዚህ ተራሮች የሚበቅለው የዱር ፖም ነው። ይህንንም ሩስያዊው የዕፀዋት ሊቅ ኒኮላይ ቫቪሎቭ እ.ኤ.አ. በ1929 ወደዚህ መጥቶ እንዳስተዋለ አስጎብኚያችን በኩራት ተናገረች። እኔ ይህን ሰው በሌላ በኩል አውቀዋለሁ። እ.ኤ.አ. በ1927 ወደ ሀገራችን መጥቶ ስንዴያችንንና ገብሳችንን እየሰበሰበ ያጠና፣ ኢትዮጵያንም ከዓለም የሰብል መገኛ ሥፍራዎች አንዷ አድርጎ የመዘገበ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1943 በእስር ቤት መሞቱን ግን ወጣቷ አልጠቀሰችም። ምናልባት ፖምና እስር ቤት በአንድ የሽርሽር ማለዳ አብረው አይሄዱም ብላ ይሆናል።

ወዲያው ስለ ከፍታው ታስጠነቅቀን ጀመር። ሺምቡላክ 2,260 ሜትር ላይ ስለሆነ የሚያዞረውና ትንፋሽ የሚያጥረው ሰው ቢኖር ሳያፍር እንዲነግራት ለመነችን። እኔ ፈገግ አልኩ፤ የቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ ከዚያ ይበልጣል። ሌሎቹ ሊወጡበት የሚሠጉት ከፍታ እኔ ውሃ የምቀዳበትና ልጅ የማሳድግበት ነው። ተራራ ለአንዱ ጀብዱ፣ ለሌላው የዕለት ኑሮ መሆኑን በዚያች ቅጽበት እንደዚያ ጥርት ብሎ የተገለጸልኝ ጊዜ የለም።

ሜዴው ስንደርስ አውቶቡሱ ቆመ። ሜዴው በ1,691 ሜትር ከፍታ ላይ የተሠራ የበረዶ ላይ መንሸራተቻ ሜዳ ነው። ከተራራ በሚወርድ ንጹሕ ውሃ የሚሠራው በረዶና የሣሣው አየር ለፍጥነት የተመቸ በመሆኑ በርካታ የዓለም ክብረ ወሰኖች ተሰብረውበታል። ወቅቱ በጋ ስለነበር ግን ሜዳው ባዶውን ነበር። ከበላዩ ሸለቆውን ከዳር እስከ ዳር የዘጋ የድንጋይና የአፈር ክምር ይታያል፤ በጎኑም 842 እርከኖች ያሉት ደረጃ ይወጣል። ብዙዎቻችን የተራራው አካል መስሎን ነበር። አስጎብኚዋ ግድብ መሆኑን ነገረችን፤ «ለፎቶግራፍ አሥራ አምስት ደቂቃ አለን» አለች።

የግድቡን ታሪክ በቃሏ ታውቀዋለች። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1921 ከባድ ዝናብ ከተራራው ጭቃና ቋጥኝ ጠራርጎ ወደ ከተማዋ አውርዶ 500 ያህል ሰው ገደለ። ያ ጥፋት እንዳይደገም እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1966 ከ5,000 ቶን በላይ ፈንጂ በሸለቆው አንድ ጎን ተቀብሮ ፈነዳ፤ በሚያዝያ 1967 ደግሞ ሌላኛው ጎን እንዲሁ ተደረገ። ተራራው ራሱ ተንዶ ራሱን ገደበ ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በጁላይ 15 ቀን 1973 በበረዶ ግግሩ ሥር የተጠራቀመ ሐይቅ ድንገት ተደርምሶ ወረደ፤ ግድቡም ያዘው። ቁጥሩን ሁሉ ሳትደናቀፍ ዘርዝራ ወደ ኬብል ካሩ እንድንሄድ እጇን ስታነሣ ሽማግሌው ከተቀመጡበት ድንጋይ ላይ አንድ ነገር ተናገሩ።

«ግድቡ ብቻውን አልያዘውም» ነበር ያሉት።

ወጣቷ እየተረጎመችልን ታሪካቸውን ሰማን። በዚያ ዓመት የሃያ ዓመት በያጅ ነበሩ። ጎርፉ ከግድቡ ኋላ እንደቆመ የውሃ ማስወጫው በጭቃና በድንጋይ ተደፈነ፤ ውሃውም ይጨምር ጀመር። ከግድቡ አናት ካለፈ ግድቡ ይሸረሸራል፤ ከተሸረሸረም ከተማዋ የምትቀበለው ከ1921ዱ የከፋ ይሆናል። ስለዚህ ከየፋብሪካው ሠራተኛ ተጠርቶ፣ ፓምፕና ቧንቧ ተግዞ፣ ቀንና ሌሊት ውሃውን የማስተንፈስ ሥራ ተያዘ። «እኛ ቧንቧ እንበይዳለን፤ ውሃው ስንት እንደጨመረ በየሰዓቱ እየመጡ ይነግሩናል። የሚያመልጥ ሰው አልነበረም። ሁላችንም ታች ሰው ነበረን» አሉ። የእርሳቸው እናት ታች ነበሩ።

ከዚያም የልጅ ልጃቸውን ወደ ደረጃው አመለከቱ። ጉልበታቸው ስለማይፈቅድላቸው እርሷ ወጥታ እንድታይላቸው ፈለጉ። አስጎብኚዋ ሰዓቷን አየች። በፕሮግራሙ ላይ ለዚህ የተመደበ ጊዜ አልነበረም፤ ከኋላ ያሉ ሁለት መንገደኞችም ያጉረመርሙ ጀመር። እርሷም ጥቂት ካሰበች በኋላ «ከምሳው ሰዓት እንቀንሰዋለን» አለችና ቁርጥ አደረገችው።

ከልጅቷ ጋር 842ቱን እርከኖች ወጣሁ። አናቱ ላይ ስንደርስ ሁለት ዓለም አየን። በአንድ በኩል ሸለቆው፣ ከሸለቆው ማዶ በጭጋግ የተሸፈነችው ሰፊ ከተማ ናት። በሌላው በኩል ድንጋይ የተነጠፈበት ትልቅ ጎድጓዳ ባዶ ቦታ ተኝቷል። ውሃው ተንፍሶ ከተማዋ ከዳነች በኋላ ግድቡ 150 ሜትር እንዲደርስ ተደርጎ ከፍ ብሏልና እኛ የቆምነው ሽማግሌው በወጣትነታቸው ከሠሩበት ቦታ በላይ ነበር። ልጅቷ ብዙ አልተናገረችም። ወደ ታች ተመልክታ አያቷን ፈለገች፤ ባገኘቻቸውም ጊዜ እጇን ከፍ አድርጋ ለረጅም ጊዜ አወዛወዘች። እርሳቸው በዚያ ርቀት እንዳዩዋት እጠራጠራለሁ።

ስንወርድ አስጎብኚዋ ከሽማግሌው አጠገብ መሬት ላይ ተቀምጣ በማስታወሻዋ ላይ ትጽፍ ነበር። ታሪካቸውን ለሌሎች መንገደኞች ትነግር ዘንድ ፈቃዳቸውን ጠየቀቻቸው። የሰጧትን መልስ በኋላ ተረጎመችልኝ፤ «ንገሪ፤ ግን ከግድቡ በላይ የሞቱትንም ጨምሪ። እነርሱም እንደእናንተ ለመዝናናት የወጡ ነበሩ» ነው ያሉት። በእርግጥም በዚያ ዕለት ጎሬልኒክ የተባለው የጎብኚዎች ማረፊያ ከግድቡ በላይ ስለነበረ ጎርፉ ጠራርጎ ወስዶታል፤ ሰዎችም ሞተዋል። ከተማዋን ያዳነው ግድብ ከበላዩ ለነበሩት ሊደርስላቸው አልቻለም። ይህ ክፍል በወጣቷ ንግግር ውስጥ አልነበረም።

ከዚያ በኋላ እ.ኤ.አ. በ2011 ሥራ በጀመረው 4.5 ኪሎ ሜትር በሚረዝም ኬብል ካር በጥድ ደን ላይ እየተንሳፈፍን ሺምቡላክ ገባን። ቦታው ያማረ ነው። ከ1950ዎቹ ጀምሮ የበረዶ ሸርተቴ ስፖርተኞች ሲሠለጥኑበት የኖረ ሲሆን፣ ገመዱ ከዚያም አልፎ ወደ 3,200 ሜትር ገደማ ያደርሳል። ሻያችንን ጠጣን፤ ሕፃናት ሲቦርቁ አየን፤ የበረዶውን ግግር ከሩቅ ተመለከትን። የሽማግሌው ነገር ደስታችንን ያደበዝዘዋል ብሎ የሚሠጋ ቢኖር ተሳስቷል። ያንን በረዶ ስናይ ሊያደርግ የሚችለውን አውቀን አየነው፤ ሻዩንም ስንጠጣ ማን እንዳቆየልን አውቀን ጠጣነው። ያጉረመረሙት ሁለቱ መንገደኞች እንኳ ሽማግሌውን ከመካከላቸው አስቀምጠው ሲጠይቋቸው ዋሉ።

የአፍሪካና የእስያ ደራስያን አምስተኛ ጉባኤያቸውን ያካሄዱት በዚህችው ከተማ እ.ኤ.አ. በመስከረም 1973 ነበር። ይኸውም ከጎርፉ ሁለት ወር ገደማ በኋላ መሆኑ ነው። እነዚያ ደራስያን ስለ ሕዝብና ስለ ሥነ ጽሑፍ የተወያዩባቸው አዳራሾች በስም የማይታወቁ በያጆች ባይተጉ ኖሮ ምን ይሆኑ እንደነበር ማሰብ ለጸሐፊ ሁሉ ይበጃል። የብዕር ሰው ቃሉን የሚያሰማበት ጸጥታ ብዙ ጊዜ ሌላ ሰው በላቡ የገዛው ነው።

እኛም ዛሬ ወደ ተራራ መውጣትን እየለመድን ነው። የእንጦጦ ፓርክ በ2013 ዓ.ም. ከተከፈተ ወዲህ የከተማችን ሰው በእሑድ ሽቅብ መውጣት ይዟል፤ ወደ ወንጪም ሐይቅ በቡድን የሚጓዘው ብዙ ነው። ይህ መልካም ነገር ነው። ነገር ግን እንጦጦ ላይ የሚቆም አስጎብኚ ምን ይናገራል? ዳግማዊ ምኒልክ አዲስ አበባ ከመቆርቆሯ በፊት መናገሻቸውን እዚያ እንደተከሉ ይነግረናል፤ ይገባዋልም። ባሕር ዛፉ ከውጭ የመጣ መሆኑንም ይጨምርልን ይሆናል። ሆኖም በዚያው ጥርጊያ ላይ ለብዙ ዐሥርት ዓመታት ከራሳቸው ክብደት የማይተናነስ ጭራሮና ቅጠል ተሸክመው፣ ወገባቸው ጎብጦ ቁልቁል የወረዱትን እናቶች ማን ይናገርላቸው? የአዲስ አበባ እንጀራ የተጋገረው በእነርሱ ጀርባ ነው። ዛሬ ለጤናችን ስንል የምንሮጥበት መንገድ ለእነርሱ ጤናቸውን የከፈሉበት ነበር።

ይህን የምለው ሽርሽሩን ወደ ልቅሶ ለመለወጥ አይደለም። ተማሪዎቹን ወደ ተራራ የሚያወጣ መምህር፣ የጉብኝት ፕሮግራም የሚነድፍ የባህል ሠራተኛ፣ ስለ ሀገሩ መልክዓ ምድር የሚጽፍ ወይም የሚሥል ከያኒ፣ ሁሉም ከጊዜው ላይ አሥራ አምስት ደቂቃ ለአንድ የሥፍራው ሰው ይተው ነው የምለው። ያቺ ወጣት በዚያ ዕለት ያደረገችው ከዚህ የሚበልጥ አልነበረም። የምታውቀውን ተናገረች፤ የማታውቀውን የሚያውቅ ሰው በተናገረ ጊዜ ደግሞ ዝም ብላ ጻፈች። ከእንግዲህ የሚወጡት መንገደኞች ከእርሷ የሚሰሙት ታሪክ ከእኛው ማለዳ የተሻለ ይሆናል ብዬ አምናለሁ።

ተራራ አፍ የለውም፤ የሚናገርለት ሰው ነው። ስለዚህም አስጎብኚ ሁሉ፣ ደራሲም ጭምር፣ በካዛኾቹ ትርጉም አባይ ይሁን፤ በእኛው ትርጉም ግን አይሁን።