ምድጃው ታካሺ ሺሙራ

የሲኒማ ነገር በተነሣ ቍጥር ወጣቶች የሚጠሩት የዋናውን ተዋናይ ስም ነው። ሰይፍ የሚመዘውን፣ ፈረስ የሚጋልበውን ያውቁታል፤ ቍስሉን ያሰረለትን ሐኪም ግን ማንም አያስታውሰውም። በማስተምርበት ክፍልም ነገሩ እንዲሁ ነው። ለቴአትር ተዋንያን ስንመርጥ ንጉሥ ለመሆን ሃያ እጅ ይነሣል፤ መልእክተኛ ለመሆን ግን ፈቃደኛ አይገኝም። ዛሬ ልጽፍላችሁ የወደድሁት ዕድሜውን ከሞላ ጐደል ሐኪሙንና መልእክተኛውን ሆኖ ስለ ሠራ ስለ አንድ ጃፓናዊ ነው። ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።

ታካሺ ሺሙራ በ1905 ዓ.ም. ኢኩኖ በምትባል የማዕድን ከተማ ተወለደ። አባቱ ጡረታ ሲወጡ የቤተ ሰቡ ገቢ ስለ ቀነሰ፣ ቀን በኦሳካ ከተማ የውሃ መሥሪያ ቤት እየሠራ ማታ በካንሳይ ዩኒቨርሲቲ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ይማር ጀመር። የማታ ተማሪ የሆናችሁ አንባብያን ይህ ኑሮ እንግዳ አይሆንባችሁም። የቴአትርን ፍቅር ያሳደሩበት እዚያው ያገኛቸው መምህራን ናቸው። በ1928 ዓ.ም. ከጓደኞቹ ጋር የቴአትር ቡድን አቋቋመ፤ ነገር ግን ልምምዱ ከሥራ እያስቀረው በመጨረሻ እንጀራውን አሳጣው። ትምህርቱንም ትቶ በመድረክ ሊተዳደር ወጣ። ከ1934 ዓ.ም. ጀምሮ ወደ ፊልም ገብቶ እስኪሞት ድረስ ከ200 በሚበልጡ ፊልሞች ሠራ።

ስሙ የገነነው ከጦርነቱ በኋላ ነው። አኪራ ኩሮሳዋ ካዘጋጃቸው 30 ፊልሞች በ21ዱ ውስጥ ሺሙራ አለ። በ1948 ዓ.ም. በወጣው «ሰካራሙ መልአክ» በቆሻሻ ኩሬ ዳር የሚኖር፣ መጠጥ የሚወድ የድኾች ሐኪም ሆነ። በ1949 ዓ.ም. ሽጉጡ የተሰረቀበትን ወጣት መርማሪ የሚመክር አንጋፋ ፖሊስ ነበር። በ1950 ዓ.ም. በ«ራሾሞን» እንጨት ቆራጩን ሆነ፤ ይህም ፊልም በሚቀጥለው ዓመት በቬኒስ ታላቁን ሽልማት አገኘ። በሦስቱም ፊልሞች የሰው ዐይን የሚከተለው ወጣቱን ቶሺሮ ሚፉኔን ነው። እሳቱ ሚፉኔ ነው ቢባል፣ ምድጃው ሺሙራ ነበር። እሳቱ ያለ ምድጃ ቤት ያቃጥላል እንጂ ወጥ አያበስልም።

መልከ መልካም አልነበረም። ከንፈሩ ወፍራም፣ ፊቱ ገና በጎልማሳነቱ ያረጀ የሚመስል ነበር። ኩሮሳዋ ግን በ1952 ዓ.ም. «መኖር» የሚለውን ፊልም ሲሠራ ዋናውን ቦታ የሰጠው ለዚህ ፊት ነው። ሺሙራ በ47 ዓመቱ ዋታናቤ የተባለ የከተማ አስተዳደር ክፍል ሹም ሆነ። ይህ ሰው ሠላሳ ዓመት ያህል ከሥራ ሳይቀር ወረቀት ላይ ማኅተም ሲመታ ኖሯል፤ የሠራው ነገር ግን የለም። የአንድ ሠፈር እናቶች የረጋው ቆሻሻ ውሃ ደርቆ ለልጆቻችን መጫወቻ ይሁንልን ብለው ሲያመለክቱ፣ ከክፍል ወደ ክፍል እየተላኩ ዞረው ዞረው መጀመሪያ ወደ ጠየቁበት መስኮት ይመለሳሉ። ከዚያ ዋታናቤ የጨጓራ ነቀርሳ እንደ ያዘውና የቀረው ጥቂት ወር ብቻ መሆኑን ይረዳል። በመጨረሻም ያን የተረሳ ማመልከቻ ከወረቀት ክምር ውስጥ ያወጣዋል።

በአንድ መሥሪያ ቤት ጸሓፊ ለሆነ ወዳጄ ይህን ባወራለት፣ «ዋታናቤ እኮ ሹም ነው፤ እኔ ማኅተም እንኳ የለኝም» አለኝ። አነጋገሩ እውነት አለበት። ነገር ግን ፊልሙን ልብ ብለን ብናይ መጫወቻውን ያሠራው ሹመቱ አይደለም። በሌሎች ሹሞች ደጃፍ ቁጭ ብሎ የሚጠብቅ፣ ቢያባርሩት ተመልሶ የሚመጣ፣ ለትንሹም ለትልቁም አንገቱን ደፍቶ የሚለምን በሽተኛ ነው። ትዕግሥት ደግሞ በደረጃ የሚታደል ነገር አይደለም።

ፊልሙ እኛን ለማስደሰት ብሎ አይዋሽም። በልቅሶው ቤት ባልደረቦቹ ሞቅ ሲላቸው የእሱን ፈለግ ለመከተል ይምላሉ፤ ወደ ቢሮ ሲመለሱ ግን አዲሱ ሹም ባለጉዳይን እንደ ዱሮው ወደ ሌላ ክፍል ይልካል። አንድ ወጣት ብቻ ተቈጥቶ ከወንበሩ ይነሣል። ሁሉም ሲመለከተው ዝም ብሎ ይቀመጣል፤ የወረቀቱ ክምርም ይሸፍነዋል። እኔን ከዋታናቤ ሞት ይልቅ የሚያሳስበኝ ይህ ወጣት ነው፤ በየዓመቱ ፈተና አልፈው ከክፍሌ የሚወጡት ልጆች የሚቀመጡት በእሱ ወንበር ላይ ነውና።

ሺሙራ ከዚህ ክብር በኋላ ትንሽ ቦታ አልናቀም። በ1954 ዓ.ም. የ«ሰባቱ ሳሙራይ» መሪ ሆኖ ሳለ፣ በዚያው ዓመት በ«ጎጂራ» ፊልም ከባሕር ስለ ወጣው አውሬ የሚያጠኑትን ፕሮፌሰር ሆኖ ሠራ። በ1961 ዓ.ም. በ«ዮጂምቦ» ለጥቂት ደቂቃ ብቻ የሚታይ የመጠጥ ጠማቂ ሆነ። በ1980 ዓ.ም. በ75 ዓመቱ ለኩሮሳዋ «ካገሙሻ» አንድ ትንሽ ቦታ ያዘ፤ በ1982 ዓ.ም. ዐረፈ።

ወጣት አንባቢ ሆይ፣ ብዙዎቻችን የምንይዘው ቦታ ትንሽ ነው። ነገ ጧት በመስኮትህ በኩል ማመልከቻ ይዛ ለምትቆም እናት ግን የመንግሥት ፊት ያንተ ፊት ነው። ወደ ሌላ ክፍል ከመላክህ በፊት ወረቀቷን ተቀብለህ አንብበው።