ከስልኬ ያጠፋኋቸው ጌሞች

ትናንት ከአሰላ ወደ ሳጉሬ፣ እህቴ ቤት መጣሁ። ብርዱ ያው የአርሲ ብርድ ነው። የገብስ ቆሎ እየቆረጠምን ሳለ ልጇ ስልኬን ሲነካካ ቆየና፦

«አጎቴ፣ ይሄ ሁሉ ጌም ያንተ ነው?» አለኝ።

ከዓመታት በፊት ያጠፋኋቸው ጌሞች ፕሌይ ስቶር ውስጥ ተደርድረዋል!

ለካ ጌም ከስልክ ሲጠፋ ከአካውንት አይጠፋም። ፕሌይ ስቶር ላይ ፎቷችሁን ነክታችሁ ወደ አፖች ማስተዳደሪያው ግቡ፤ ያልተጫኑትን ስትመርጡ ዝርዝሩ ይመጣል። ከዚያ ምልክት እያደረጋችሁ መሰረዝ ነው። በኮምፒውተር ስቲም የምትጠቀሙ ግን ልብ በሉ፤ የደበቃችሁት ጌም አካውንታችሁ ውስጥ ይቆያል፣ እስከ መጨረሻው ያስወገዳችሁት ግን ይወጣል።

አንድ በአንድ ሰረዝናቸው። የመኪናው፣ የኳሱ፣ ከረሜላ የሚደረደርበት... አንዳቸውም አላሳዘኑኝም።

ኩኩሉ ላይ ስንደርስ እጄ ቆመ። ከገበሬው የምታመልጠው ዶሮ! የአዲስ አበባዎቹ ቅኔ ጌምስ የሠሯት። በስልኬ ላይ የአገሬን ነገር ያየሁባት ጌም ናት፤ ደስታዬ እስከ ዛሬ ትዝ ይለኛል።

እሷን አልሰረዝኳትም።

እናንተስ፣ ባትጫወቱትም መሰረዝ ያቃታችሁ ጌም የትኛው ነው? ጻፉልኝ፣ ከልጁ ጋር እናነበዋለን።