ዋሳን የተጫወቱት ሰው

ከከሚሴ ተነስቶ በአፋር በረሃ ወደ ጅቡቲ፣ ከኦቦክ ደግሞ በጀልባ ወደ የመን፣ ከዚያም ወደ ሳዑዲ የሚያቀና ልጅ ታሪክ ለማንም አዲስ አይደለም። ደላላው፣ የማስለቀቂያው ገንዘብ፣ መንገድ ላይ የቀረው ጓደኛ፣ ሁሉም የታወቀ ነው። ብዙ ሰው የማያስታውሰው ይህን የመሰለ ታሪክ ሆሊውድ ከ50 ዓመት በፊት መሥራቱን ነው። ከተዋናዮቹ አንዱ ደግሞ ደበበ እሸቱ ነበሩ።

«ሻፍት ኢን አፍሪካ» የወጣው በ1965 ዓ.ም. (1973 እ.ኤ.አ.) ነው፤ አብዮቱ ሊፈነዳ ጥቂት ወራት ሲቀሩት። ሪቻርድ ራውንድትሪ የሚጫወተው ጥቁር አሜሪካዊ መርማሪ፣ አፍሪካውያን ወጣቶችን ለርካሽ ጉልበት ወደ አውሮፓ የሚያሻግር መረብ ለመበጠስ ኢትዮጵያ ድረስ ይመጣል። ከፊሉም እዚሁ ተቀርጿል። ጋሽ ደበበ ዋሳ የተባለውን ሰው ሆነው ይታያሉ።

እውነቱን ለመናገር ፊልሙ ድንቅ አይደለም። ጡጫና ተኩስ ይበዛዋል። ዋሳም ቢሆን መሪ ሚና አይደለም። ሃንጋሪ ድረስ ሄዶ ቴአትር ለተማረ፣ አማርኛን መድረክ ላይ እንደፈለገ ለሚያዝ ተዋናይ ያ ሚና ጠባብ ነው። ግን የቀረው እሱ ነው። ሆሊውድ ፊልሙን ጠብቆ አኖረ። ጋሽ ደበበ በአዲስ አበባ መድረኮች ላይ ያሳለፏቸው ምሽቶች አብዛኞቹ ከተመልካቹ ትዝታ ውጭ ማስረጃ የላቸውም። ያ ተመልካች ደግሞ እያረጀ ነው፤ ከሚሴ ላለ ወጣትማ መጀመሪያውኑ አልደረሱትም።

ለዛሬው የዜና ተከታታይ ስማቸው የሚያያዘው ከእስር ቤት ጋር ነው። ከ1997ቱ ምርጫ በኋላ ከቅንጅት መሪዎች ጋር ታስረው በ1999 ክረምት በይቅርታ ወጡ። በ2003 ማብቂያ እንደገና ተያዙ፤ ከወራት በኋላ ተፈቱ። በሌላ አገር ቢሆን በዚያ ዕድሜያቸው የሽማግሌ ሚናዎች የሚታጩላቸው፣ ወጣት ተዋንያን የሚያሠለጥኑበት ጊዜ ነበር። እዚህ ግን የፍርድ ቤት ቀጠሮ ሆነ።

ፊልሙ ውስጥ የመረቡ አለቃ ፓሪስ ውስጥ ተቀምጦ ይገኛል። መርማሪው በአንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ይደርስበታል። የከሚሴ እናት ግን የምታውቀው ልጇን ወስዶ ለሌላ ያስረከበውን የሰፈሩን ደላላ ብቻ ነው። ከሱ በላይ ያለውን አይታው አታውቅም፤ ስልክ ሲደወል ድምፁን ትሰማለች እንጂ።