የሽንኩርት ልጣጭ

ለፋሲካ ዶሮ ወጥ ስንት ሽንኩርት እንደሚላጥ የማያውቅ አበሻ የለም። ሲከተፍ ያስለቅሳል፣ ሲቁላላ ሰፈሩን ያውዳል፤ ልጣጩ ግን ዞር ብሎ የሚያየው ሳይኖር ከጥራጊ ጋር ይደፋል። እኔ ይህን ልጣጭ ማክበር የተማርኩት በሩቅ አገር ነው፤ ያውም «እግዚአብሔር የለም» ይባልበት በነበረ አገር።

በ1979 ዓ.ም. ኪየቭ ውስጥ ተማሪ ነበርኩ። ዩክሬን ያኔ የሶቪየት ኅብረት አንዷ ሪፑብሊክ ናት። ኦርቶዶክሶቹ ፋሲካቸውን እንደኛው በአሮጌው ስሌት ስለሚቆጥሩ፣ የዚያ ዓመት በዓላችን በአንድ ቀን፣ ሚያዝያ 11 ዋለ። በአደባባይ ግን የበዓል ምልክት አይታይም። ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ የታየ ወጣት ማግሥቱን «ምን ልትሠራ ሄድክ?» ሊባል ይችላል።

የአንድ ጓደኛዬ አያት ግን ከጾሙ መግቢያ ጀምረው የሽንኩርት ልጣጭ በጋዜጣ እየጠቀለሉ ምድጃው አጠገብ ሲያጠራቅሙ ከረሙ። ጋዜጣው የፓርቲው ልሳን፣ ልጣጩ የፋሲካ! ሁለቱ ሳይጣሉ አብረው ሰነበቱ።

ቅዳሜ ጠዋት ልጣጩን በድስት ውኃ ግማሽ ሰዓት ያህል አፈሉት፤ ውኃው ጠላ መሰለ። ሲቀዘቅዝ አጥልለው ጥቂት አቼቶ ጠብ አደረጉበት። አቼቶው ቅርፊቱን በጥቂቱ ስለሚበላው ቀለሙ ደህና ይይዛል። በየእንቁላሉ ላይ አንዳንድ ቅጠል ለጥፈው፣ በአሮጌ የናይሎን ስቶኪንግ ቁራጭ ጥብቅ አድርገው አሰሩና ቀለሙ ውስጥ ቀቀሏቸው። ሲወጡ ወደ ቡኒ የሚያደላ ቀይ ሆነዋል፤ ቅጠሉ የነበረበት ቦታ ጅማቱ ሳይቀር ፈዘዝ ብሎ ታትሟል። በዘይት ወለወሏቸውና አበሩ።

እንዲህ ያለውን አንድ ቀለም የተነከረና የሚበላ እንቁላል ክራሻንካ ይሉታል። ፒሳንካ የሚሉት ሌላ ነው፤ በሰም እየተሣለ በተለያየ ቀለም በየተራ ይነከርና ለጌጥ ይቀመጣል። ከእርድ ቢጫ፣ ከቀይ ሥር ሮዝ፣ ከሐምራዊ ጥቅል ጎመን ሰማያዊ እንደሚወጣም ያስረዱኝ እሳቸው ናቸው።

«እማማ፣ አይፈሩም?» አልኳቸው።

«ልጄ፣ ሽንኩርት መላጥን ማን ይከለክላል?» አሉኝ።

ይህን መልስ ብዙ አሰላስዬዋለሁ። ሹም መጽሐፍ ይወርሳል፣ ደጅ ይዘጋል፣ የአደባባይ ስም ይለውጣል። ጓዳ ገብቶ የድስቱን ክዳን መክፈት ግን አይሆንለትም። በ1984 ዓ.ም. ሶቪየት ኅብረት ፈረሰች፤ ልጣጩ ዛሬም ይፈላል። ፒሳንካም በ2017 ዓ.ም. በዩኔስኮ የማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ላይ ሰፈረ። መዝገቡ ሳይኖር ያቆዩት ግን ስማቸው የትም ያልተጻፈ አሮጊቶች ናቸው።

እኛስ ጋ? እንሶስላው እጅና እግር የሚያቀላው፣ አሥራ ሁለቱ እንቁላል ወጡ ውስጥ የሚገባው ማንም አዋጅ ስላወጣ አይደለም፤ እናት ስትሠራ ልጅ አጠገቧ ስለቆመ ነው። እኔን የሚያስፈራኝም ይኸው ነው። የከለከለን የለም፤ ግን ልጆቻችን ጓዳ መቆም ትተዋል። ሹም ያልቻለውን እኛው በገዛ እጃችን እንዳንፈጽመው እሰጋለሁ።

ስለዚህ በኔ ቤት ዶሮው ሲሠራ ልጆቼ ከጎኔ ይቆማሉ። ዶሮ ወጡ እንደ አያቶቻችን ይሠራል፤ ልጣጩ ደግሞ ሌላ ድስት ላይ ይጣዳል። ቅጠሉ የድንብላል ነው። «ይኼ የኛ ባህል ነው?» ይሉኛል። «የኛ አይደለም፤ ያልፈሩ የአንዲት አሮጊት ነው» እላቸዋለሁ።