ብስክሌት በአፒያ ጎዳና

ሮም ሄደው ብስክሌት ለመከራየት ካሰቡ አስቀድመው ወገብዎን ያማክሩ። አስጎብኚው ፈገግ ብሎ የሚወስድዎ ከክርስቶስ ልደት 312 ዓመት በፊት ሥራው ወደተጀመረው ወደ ቪያ አፒያ ነው። ጥቁሩ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ለሮማ ጦር የተነጠፈ እንጂ ለጎማ የታሰበ አይደለም፤ ጥርስ ያንገጫግጫል። ደግነቱ መንገዱ ሰበብ አያጣም፤ ከሴሲሊያ ሜቴላ ክብ መቃብር ፊት ወርደው አንጋጠው ቢቆዩ፣ «ታሪክ ወዳድ ናቸው» ይባላሉ እንጂ «ደከማቸው» የሚልዎ የለም።

ለእኛ ሰው ግን እዚህ ጎዳና ላይ ማማረር አያምርበትም። ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም.፣ በአዲስ ዓመት ዋዜማ፣ አበበ ቢቂላ በዚሁ ጎዳና በጨለማ፣ በባዶ እግሩ ሮጦ የኦሊምፒክ ማራቶን አሸንፏል። እኛ ጎማ ተነፍቶልን፣ ኮርቻ ተደላድሎልን ብንነጫነጭ ማን ይሰማናል?